የማያምመው እንሶስላ

አንዲት ሴት ጠባብ ክፍል ውስጥ ቆማ ቀለም ትበጠብጣለች። የግድግዳ ቀለም አይደለም፤ የልብስም አይደለም። ቦታው የጤና ጣቢያ ላብራቶሪ ነው፤ አንድ ጠረጴዛ፣ አንድ ማይክሮስኮፕ፣ አንድ መስኮት። መስኮቱ ወለል ብሎ ተከፍቷል። ውጭ ብርድ ነው፤ እሷ ግን አትዘጋውም። ለምን አትዘጋውም? ስለምትፈራ ነው።

ይህን ልብ በሉልኝ ወገኖቼ። ሴትየዋ ትፈራለች።

ቀለሙ ለምን እንደሚያስፈልግ አስቀድሜ ልንገራችሁ። ሰው ሲያስለው ከርሞ አክታውን ሲያመጣ፣ አክታው ስስ መስታወት ላይ ይቀባል። እንዲሁ በማይክሮስኮፕ ቢያዩት የሳንባ ነቀርሳው ተሐዋሲ አይታይም፤ ይሰወራል። ይህ ቀይ ቀለም ሲፈስበትና ከሥሩ በእሳት ሞቅ ሲደረግ ግን ተሐዋሲው ቀለሙን ይጠጣል። ከዚያ በኋላ በአሲድ ቢያጥቡትም አይለቅም፤ ቀልቶ ይጋለጣል። ስንቷ እናት በዚህ ቀለም ምክንያት መድኃኒቷን በጊዜ ጀምራ ለልጆቿ ተርፋለች! የሚያድን ቀለም ነው። ግን በሚያድነው ቀለም ውስጥ ምን እንዳለ ታውቃላችሁ?

መጀመሪያ ዱቄቱ አለ። በብልቃጡ ሳለ እንደ ጢንዚዛ ጀርባ አረንጓዴ ያብለጨልጫል፤ አልኮል ሲነካው ደም ይሆናል። አልኮሉ እሳት ይጠራል፤ ስለዚህ ሴትየዋ ቀለም በምታዘጋጅበት ሰዓት ክብሪት የሚባል ነገር ከክፍሉ ይወጣል። ቀጥሎ ፌኖል የሚባለው ይመጣል። ነገሩ ያለው እሱ ዘንድ ነው። ሲያዩት የረጋ ጨው ይመስላል፤ ከነጠርሙሱ ለብ ያለ ውሃ ውስጥ ቆሞ ይቀልጣል። ሽታው አፍንጫን ይዞ አይለቅም።

ፌኖል ያቃጥላል። እሳትስ ያቃጥል የለም ወይ ትሉኝ ይሆናል። አዎ፣ ያቃጥላል። ግን እሳት ሲነካችሁ ትጮሃላችሁ፤ እጃችሁን ትሰበስባላችሁ። ፌኖል ቆዳን እያቃጠለ ያደነዝዘዋል። ሥጋችሁን እየበላ እናንተ ትስቃላችሁ፤ ታወራላችሁ፤ ምንም አትሰሙም። ከዚህ የበለጠ የሚያስፈራ ነገር ምን አለ?

ሴትየዋ ይህን ያወቀችው ከመጽሐፍ ብቻ አይደለም። ተማሪ ሳለች አንዲት ጠብታ ከጓንቷ አፍ በላይ አንጓዋ ላይ አረፈችባት። ቀዘቀዛት እንጂ አላመማትም። ሥራዬን ልጨርስ ብላ ቆየች። ኋላ ጓንቱን ስታወልቅ ቆዳዋ ውሃ ውስጥ የከረመ ሊጥ መስሎ ነጥቶ አገኘችው። ከዚያ ቀን ወዲህ ያለ ጓንት፣ ያለ መነጽር፣ ያለ ጋዋን ያንን ጠርሙስ አትነካም። ቀለሙን በወረቀት አጥልላ፣ ጥቁር ጠርሙስ ውስጥ ጨምራ፣ ቀኑን ጽፋ፣ ከፍ ያለ መደርደሪያ ላይ አስቀምጣ ስትጨርስ ነው ትንፋሿ የሚመለስ።

ስንዱ ትባላለች። ጥንቁቅ ናት። ለራሷ ጥንቁቅ ናት።

አሁን ሌላይቱን ሴት ላምጣላችሁ። እትዬ ይታይሽ ትባላለች፤ የጤና ጣቢያው ጽዳት ሠራተኛ ናት። ሳቂታ፣ ተጫዋች፣ እጇ ሥራ የማይፈታ ሴት። ከእሷ በፊት የነበረችዋ ጽዳት፣ በዚያ ክፍል ስለሚመረመረው በሽታ ሰው ሲያወራ ሰምታ፣ መወልወያዋን በር ላይ ጥላ እንደወጣች አልተመለሰችም። ክፍሉ ስንት ጊዜ ሳይጠረግ ከረመ። እትዬ ይታይሽ ስትቀጠር ስንዱ ለራሷ ማለች፤ ይቺን ሴት አላስፈራራም አለች።

አንድ ቀን እትዬ ይታይሽ ወለሉን እየወለወለች ቀና ብላ የስንዱን እጅ አየች። ጓንት ቀዳዳ አያጣም፤ የሌባ ጣቷ ጫፍ ቀልቷል። ስንዱ ራሷ ቀድማ አይታው፣ ደንግጣ፣ ደጋግማ ታጥባዋለች።

«ሲስተር፣ ጣትሽ ደግሞ ምን ሆነ? ሙሽራ መሰልሽኝ እኮ!»

«የላብራቶሪ እንሶስላ ነዋ እትዬ» አለች ስንዱ። «የሚያገባኝ ባጣ ራሴን ልድር ብዬ።»

«አይ አንቺ! እውነቴን ነው ግን፤ እንዲህ ያለ ቀለም የት አለ? ባለፈው እዚህ ጥግ የተንጠባጠበውን በበረኪና ብፈትገው፣ በላርጎ ብፈትገው፣ ንቅንቅ አልል አለኝ።»

«ሥራው ነው እትዬ። አልለቅም ማለት ነው ሥራው።»

ሳቁ። ሁለቱም ሳቁ። አያችሁት? እዚያች ላይ ቆም በሉልኝ። ጥያቄው ተጠይቆ ነበር። በሩ ተከፍቶ ነበር። ስንዱ በልቧ ያለውን ፍርሃት አውጥታ «እትዬ፣ ይህ ነገር ሥጋ ይበላል፤ ደግሞ ሲበላ አያምም» ለማለት አንድ ትንፋሽ ይበቃት ነበር። በቀልድ ዘጋችው።

ቀለም ሲከርም አቅሙ ይደክማል፤ ዝቃጭ ያበጃል። ስንዱ አዲሱን አዘጋጅታ ስታበቃ ከአሮጌው ጠርሙስ ግማሽ ያህል ተርፎ ነበር። ለእትዬ ይታይሽ ጓንት ሰጠቻትና «ይህን ከግቢው ጥግ ያለው ባለክዳኑ ጉድጓድ ውስጥ ድፊልኝ። እንዳይፈስብሽ አደራ» አለቻት። እንዳይፈስብሽ አለች። ቢፈስ ምን እንደሚሆን አላለችም። ጠርሙሱ ላይ የተለጠፈው ማስጠንቀቂያ ደግሞ በፈረንጅ ቋንቋ የተጻፈ ነው፤ ለእትዬ ይታይሽ ያ ጽሑፍ ጌጥ ነው።

እትዬ ይታይሽ የጉድጓዱን ክዳን አንስታ ቆመች። አዘነበለችው፤ መልሳ አቀናችው። የአንድ ልጇ የወለላ ሠርግ ደርሷል። እንሶስላ ከገበያ ገዝታ ሞክራው ነበር፤ ሥሩ ደርቆ ጭቃ ሆነ እንጂ አላቀላም። ልጇ ሙሽራ ሆና በነጭ እጅ ልትቀርብ ነው ብላ ስትብሰለሰል ሰንብታለች። አሁን በእጇ ያለውን አየች። በበረኪና የማይለቅ ቀለም። ሲስተር ራሷ «እንሶስላ» ያለችው ቀለም።

«ይህማ አይደፋም» አለች። በባዶ የውሃ ፕላስቲክ ጠርሙስ ገልብጣ ወደ ቤቷ ወሰደችው። ሰረቀች አትበሉብኝ። የሚጣል ነገር ነው የወሰደች። ለልጇ ነው የወሰደች። ከእናንተ መካከል ለልጁ ያላደረገው ማን ነው?

ሠርጉ እሑድ ነበር። ዓርብ ዕለት ከሰዓት በኋላ ስንዱ ሥራዋን ጨርሳ፣ አበባ የተሣለበት ፔርሙስ በስጦታ ወረቀት አስጠቅልላ፣ እጅ ላግዝ ብላ ወደ ሠርግ ቤቱ ሄደች። ደጁ ላይ ድንኳን ተጥሏል። ሴቶች በትልልቅ ብረት ድስት ሽንኩርት ያቁላላሉ፤ ከውስጥ የልጃገረዶች ጭብጨባና ዘፈን ይሰማል። ደስ የሚል ነገር ነው።

የበሩን ደፍ ስትረግጥ ቆመች። ሽንኩርቱን አልፎ፣ ቅመሙን አልፎ አንድ ሽታ መጣ። የሥራ ቦታዋ ሽታ።

መጀመሪያ ራሷን ጠረጠረች። ከልብሴ ላይ ይሆናል ብላ የሹራቧን እጅጌ አፍንጫዋ ላይ አስጠግታ አሸተተች። ሳሙና ይሸታል። እጇን አሸተተች። ምንም። ሽታው ከቤቱ ውስጥ ነው። የሙሽራይቱ ክፍል ካለበት በኩል ነው። ያለማወቅ ጸጋ ቢኖራት እዚያው ደጁ ላይ ተቀምጣ ሽንኩርት ትልጥ ነበር።

ገባች።

ወለላ ፍራሽ ላይ ተቀምጣለች። ሁለት እጇን ከፍ አድርጋ ይዛለች። ጣቶቿ በጥጥ ተጠቅልለው፣ በላያቸው ሰማያዊ ፌስታል ገብቶ፣ አንጓዋ ላይ በክር ጥብቅ ተደርጎ ታስሯል። ዙሪያዋን ሚዜዎቿ ተራ ይጠብቃሉ። አንደኛዋ ጥጥ በጣቷ ይዛ ሳህን ላይ ጎንበስ ብላለች። ሳህኑ ውስጥ ያለው ምን እንደሆነ አትጠይቁኝ፤ ታውቁታላችሁ።

እትዬ ይታይሽ እልል አለች። «መጣች! የቀለሙ ባለቤት መጣች! ሲስተር፣ ያንቺን እንሶስላ ሞቅንልሽ! ልደፋው ስል እጄ እንቢ አለኝ!»

ስንዱ ወደ ወለላ ጠጋ አለች። «ከመቼ… ከመቼ ጀምሮ ነው የታሰረው?»

«ከማለዳ ነዋ! እስከ ነገ ትቆያለች። ጠልቆ ይያዝላት ብለን።»

«ወለላ፣ የኔ እመቤት፣ ያምሻል?»

«ኧረ ምንም!» አለች ወለላ እየሳቀች። «መጀመሪያ ትንሽ ቆጠቆጠኝ፤ አሁን ግን ጭራሽ! እንዲያውም ጣት ያለኝ አይመስለኝም።»

ሚዜዎቹ በሳቅ ፈነዱ። «ጣት ከሌለሽ ቀለበቱን ለኛ ስጪን!» አለች አንዷ።

ሰማችሁ? በዚያ ቤት ያለ ሰው ሁሉ «አያመኝም» የሚለውን ቃል ሰምቶ ደስ አለው። እናት ደስ አላት። ሚዜ ደስ አላት። አንዲት ሴት ብቻ ደስ አላላትም። አንድ ቃል፤ ለሁሉም የምሥራች፣ ለሚያውቀው ሰው መርዶ።

ፔርሙሱ ከእጇ ወድቆ ሲንኮታኮት ነው ሳቁ የቆመው።

«ፍቱት!» ብላ ጮኸች። «ቶሎ ፍቱት! አንቺ፣ ጥጡን ጣይ! እጅሽን ታጠቢ!» ያልተነካ ፌስታል ከጥግ አንስታ በገዛ እጇ ላይ አጠለቀችና የወለላን ክር በጥርሷ በጠሰችው። ጥጡ ተገፎ ወደቀ። ጣቶቹ ቀልተዋል፤ እንደዚያ የቀላ እንሶስላ ማንም አይቶ አያውቅም። ግን ከቀዩ ሥር፣ ጥፍሮቹ ዙሪያ፣ ቆዳው ነጥቶ ተጨማዷል። ትንሿ ጣት ከሁሉ ባሰች።

ስንዱ ትንሿን ጣት ያዘች። «ይሰማሻል?»

«ምኑ?» አለች ወለላ።

«ቆንጥጬሽ እኮ ነው።»

ወለላ ጣቷን አየች፤ የስንዱን ጥፍር አየች፤ ጥፍሩ ከነፌስታሉ ሥጋዋ ውስጥ ገብቷል። ያኔ ነው የፈራችው። «እማዬ…» አለች። «እማዬ፣ አይሰማኝም!»

«ውሃ!» አለች ስንዱ። አንዷ በጆግ ይዛ ሮጠች። «በጆግ አይሆንም! ትንሽ ውሃ መርዙን ያስፋፋዋል! ብዙ፣ ብዙ ውሃ! በርሜሉ ዘንድ ውሰዷት!»

በርሜሉ ዘንድ የወለላ አክስት እትዬ ደብሪቱ ቆማለች። የድግሱ አዛዥ ናት። የቧንቧ ውሃ ከጠፋ ሰንብቷል፤ ያ ውሃ በአህያ ተጭኖ ከሩቅ የመጣ፣ የእሑድ ወጥና የእሑድ ጠላ ነው። «ምንድን ነው ነገሩ?» አለች እጇን ዘርግታ። «ለእንሶስላ ማጠቢያ? እንግዳውን ምን ላጠጣ ነው? አላስነካም!»

«እትዬ ደብሪቱ፣ ጣቷ ሊቆረጥ ነው!»

እትዬ ደብሪቱ የስንዱን ፊት አየች። አንዳንድ ፊት አለ፣ ማብራሪያ አያስፈልገውም። ዞር ብላ በርሜሉ አጠገብ ከተደረደሩት የመጀመሪያውን ጀሪካን ራሷ አነሳችና ትከሻዋ ላይ አድርጋ በወለላ እጅ ላይ አዘነበለችው። ሁለተኛውን አዘነበለች። ሳሙና አመጡ። በርሜሉን በሳፋ እየቀዱ፣ እየተፈራረቁ አፈሰሱ። ቀይ ውሃ ከድንኳኑ ሥር አልፎ ደጁን ሞላው፤ ሴቶች ድስታቸውን እያነሱ ሸሹ። እትዬ ይታይሽ መካከል ላይ ቆማ «ምን አደረግሁ? ንገሩኝ፣ ምን አደረግሁ?» ትላለች። የሚመልስላት የለም። የበርሜሉ ታች እስኪታይ አጠቡ። ከዚያ በባጃጅ ጭነው ሆስፒታል ወሰዷት።

ሠርጉ እሑድ አልሆነም።

ያ ውሃ ባይፈስ ኖሮ፣ እስከ ነገ ትቆይ እንዳሉት ቆይታ ቢሆን ኖሮ፣ አፌ አይናገረውም። ዘጠኙ ጣቶች እየላጡ፣ እየቆሰሉ፣ ቀስ በቀስ ዳኑ። የቀኝ እጇ ትንሿ ጣት ግን ከጫፏ እየጠቆረች መጣች። ከመጀመሪያዋ አንጓ ላይ ቆረጧት።

ጣቷ የተቆረጠች ቀን ሁለቱ ሴቶች ሆስፒታሉ ኮሪደር ላይ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠው ነበር። እትዬ ይታይሽ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛለች። ሳትቆጣ፣ ሳትጮህ ጠየቀች።

«ሲስተር፣ ይህን ታውቂ ነበር?»

«አውቅ ነበር።»

«ሥጋ እንደሚበላ?»

«አዎ።»

«ታዲያ ለምን አልነገርሽኝም?»

ስንዱ መሬት መሬቱን አየች። «እንዳትፈሪ ብዬ ነው፣ እትዬ።»

እትዬ ይታይሽ ነጠላዋን ከአፏ አወረደች። «ብፈራስ?» አለች። «ብፈራ ምን እሆን ነበር? ሥራ ጥዬ እሄድ ነበር? ልሂዳ! ሌላ ቦታ እጠርግ ነበር። አንቺ ፈርተሽ ጓንት አደረግሽ። እኔ ሳልፈራ በልጄ እጅ ላይ አሰርኩት።»

እስቲ ለዚህ እናንተ መልስ አላችሁ?

ወገኖቼ፣ ይህን ታሪክ ሰምታችሁ «ምስኪን ስንዱ» ብላችሁ እንዳትሄዱ። «ሞኝ ይታይሽ» ብላችሁም እንዳትሄዱ። በየቤታችን ይህ ነገር አለ። ያወቅነውን ክፉ ነገር ለብቻችን እንፈራዋለን፤ ለልጆቻችን ግን ቀልድ እናደርግላቸዋለን። የተባይ መርዝ በለስላሳ ጠርሙስ አድርገን አልጋ ሥር እንገፋለን፤ «አትንኩ» እንላለን፤ ለምን እንደማይነካ አንናገርም። ከሰል አቀጣጥለው ቤት ዘግተው ለሚተኙት «በሩን ገርበብ አድርጉት» ብለን እናልፋለን፤ ከሰል ሳያሳምም፣ ሳያስጮህ፣ እንቅልፍ መስሎ እንደሚወስድ አንነግራቸውም። ከዓረብ አገር ተሰቃይታ የተመለሰች እናት ልጇ ልትሄድ ስትነሳ ምን ትላለች? «ኑሮ ነው እንግዲህ» ትላለች። ያየችውን ትውጣለች። ለምን? ልጄ እንዳትፈራ። ልጄ እንዳትፈራ!

ትፍራ እንጂ! ማነው ፍርሃት ሁሉ ክፉ ነው ያላችሁ? እግዚአብሔር ፍርሃትን በሰው ልብ ያስቀመጠው እጃችንን ከእሳት እንድንሰበስብበት ነው። ፈርታችሁ ያወቃችሁትን ነገር ከልጃችሁ ስትደብቁ፣ ጓንቱን ለራሳችሁ አድርጋችሁ ጠርሙሱን ለእሱ ሰጣችሁት ማለት ነው።

ሌላም አለ። ይህ ደግሞ ለነፍሳችሁ ነው። የመጀመሪያው ውሸት ይቆጠቁጣል፤ አይደለም ወይ? የመጀመሪያዋ ሐሜት ፊትን ታቀላለች። ከጎረቤት ጋር የተኳረፋችሁ ሰሞን እንቅልፍ ታጣላችሁ። ከዚያስ? ከዚያ ይለመዳል። «ተውኩት፤ አሁንማ ምንም አይመስለኝም» ትላላችሁ። ደስም ይላችኋል። እኔ ግን ያንን ቃል ስሰማ እፈራለሁ። ያልተሰማችሁ ስለዳነ ነው? ወይስ ሥጋው ስለሞተ ነው? እስቲ ቆንጥጡት። ታርቃችሁ ነው ዝም ያላችሁ? ወይስ ወንድማችሁ መኖሩን ረስታችሁ? እስቲ በእውነት ቆንጥጡትና እንደ ስንዱ «ይሰማሻል?» በሉ።

ካልተሰማ ደግሞ በጆግ አትታጠቡ። ለድግስ ያስቀመጣችሁት ውሃ ካለ እሱን አፍስሱት። ክብራችሁን፣ ኩራታችሁን፣ «ሰው ምን ይለኛል» የምትሉትን በርሜል ሙሉ አፍስሱት። እትዬ ደብሪቱ እንግዳውን ምን ላጠጣ ነው ብላ በርሜሏን ጠብቃ ብትቆም ኖሮ፣ እንግዳው እሑድ ዕለት ጠጥቶ ይሄድ ነበር፤ ልጅቱ ግን እጅ አይኖራትም ነበር።

ዛሬ ቤታችሁ ስትገቡ ልጆቻችሁን ሰብስቡ። የምትፈሩትን ንገሯቸው፤ ከነምክንያቱ፣ ከነሽታው፣ እንዴት ሳያምም እንደሚበላ ጭምር ንገሯቸው። «እማዬ ደግሞ ፍርሃቷ በዛ» ይሏችኋል። «አያቴ ሁሉን ነገር ትፈራለች» ብለው ለጓደኞቻቸው ያወራሉ። ይሳቁባችኋል።

ይሳቁብን። በአሥሩም ጣታቸው እየጠቆሙ ይሳቁብን።